የማያልቅበት ተንታኝ

ከጭላሎ የሚወርደው ብርድ ሲበረታ የአሰላ ቡና ቤቶች ማታ ማታ ይሞላሉ። ቴሌቪዥኑ ላይ የብሔራዊ ደኅንነት ክርክር አለ። ክርክር ይባል እንጂ ሦስቱ ተጋባዦች የሚለያዩት በከረባታቸው ቀለም ብቻ ነው። መሐል የተቀመጠው ከስሙ ሥር «የፖለቲካ ተንታኝ» ተብሎ ተጽፎለታል።

ተንታኛችን «እንደ አገር» ብሎ ይጀምራል፤ «ከዚህ አንጻር» እያለ ይቀጥላል። ጥያቄው ጠጠር ሲልበት ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ «ለአገር ደኅንነት ሲባል እዚህ የማልዘረዝረው ነገር አለ» ይላል። ቤቱ ጸጥ። ያልተናገረው ከተናገረው በላይ ያስከብረዋል።

«ልጄ፣ ሰውየው ምን አለ?» ይላሉ ጋቢ የደረቡ ሽማግሌ።

«እኔ እንጃ አባባ፣ ብቻ ሁኔታው አሳሳቢ ነው» ትላለች ቡና የምትቀዳው ልጅ።

የሙያ ለውጡም ፈጣን ነው። ጠቅላይ ሚኒስትሩ በጥቅምት 2016 ዓ.ም. የቀይ ባሕርን ጉዳይ አደባባይ ሲያወጡት፣ እስከ መስከረም የምርጫ ተንታኝ የነበረው ሁሉ የወደብ ሊቅ ሆኖ አደረ። ታኅሣሥ 22 ቀን ከሶማሌላንድ ጋር የመግባቢያ ሰነድ ሲፈረም፣ ወደቡን በአንድ ምሽት ያስረከቡን አልጠፉም። ዓመት ሳይሞላ፣ ታኅሣሥ 2 ቀን 2017 ዓ.ም. አንካራ ላይ ከሶማሊያ ጋር ስምምነት ሲደረስ ደግሞ «አስቀድመን እንዳልነው» የሚሉት ብቅ አሉ። ምን እንዳሉ የሚጠይቃቸው የለም።

አርሲ ውስጥ የቢራ ገብስ እንኳ እንዲህ በቀላሉ አያልፍም። ብቅል ፋብሪካ በር ላይ እርጥበቱ ይለካል፣ መብቀሉ ይፈተናል፤ ያልሆነው ተጭኖ ይመለሳል። የተንታኝ ቃል ግን ባይበቅልም በሳምንቱ ተመልሶ ይጋበዛል።

ነገሩ ሳቅ ብቻ ቢሆን ጥሩ ነበር። ስቱዲዮ ውስጥ «አማራጮች ሁሉ ጠረጴዛ ላይ ናቸው» ማለት ወጪ የለውም። አማራጩ ጦርነት የሆነ ቀን ልጃቸውን የሚሸኙት ግን እኚያ ጋቢ የደረቡ ሽማግሌ ናቸው እንጂ ተንታኙ አይደለም።

ስለዚህ አዘጋጆች ሆይ፣ እንግዳችሁን ዛሬ ከመጠየቃችሁ በፊት አምና ያለውን ሁለት ደቂቃ አጫውቱልን። «ይህን አላውቅም» የሚል ከተገኘ ደግሞ፣ እሱን ደጋግማችሁ ጋብዙት።