ዶሮ በማር፣ አማት በእንግድነት

የዶሮ ደረት እንደ አሜሪካ ማዕረጉን የተገፈፈበት አገር ያለ አይመስለኝም። አገር ቤት ዶሮ 12 ብልት ሆና ትገነጠልና ከደረቷ የሚወጣው ፈረሰኛ ለአባወራው ይቀርባል። ልጅ ክንፍ ይደርሰዋል፣ አንገት ይደርሰዋል፤ ፈረሰኛውን ግን በዓይኑ ይሸኛል እንጂ እጁን አይሰድም። አድጎ፣ ሚስት አግብቶ፣ የራሱን በር ዘግቶ ሲቀመጥ ተራው ይደርሰዋል። እኔም ተራዬን ስጠብቅ ኖሬ፣ ሊደርሰኝ ሲል ሜሪላንድ ገባሁ። እዚህ ሱፐርማርኬት ውስጥ ደረት ብቻውን፣ አጥንቱ ወጥቶ ቆዳው ተገፎ፣ አራት አምስት ሆኖ በፕላስቲክ ተጠቅልሎ ይሸጣል። እግሯስ የት ሄደ፣ ጀርባዋስ ብሎ የሚጠይቅ የለም። ማዕድ ሲቀርብ እኔም ፈረሰኛ፣ ሚስቴም ፈረሰኛ፣ ጥርሷ ገና የሚነቃነቀው ልጄም ፈረሰኛ። እግረኛ የሌለው ጦር ማለት የእኛ ቤት ነው።

ይህ እኩልነት ዋጋ ያስከፍላል፤ ዋጋውም ድርቀት ነው። ዶሮ ወጥ ይቅር ባይ ምግብ ነው። እንግዳ ቢዘገይ፣ ስልክ ቢደወል፣ ጎረቤት ብቅ ብላ ወሬው ቢረዝም፣ ሽንኩርቱና ቅቤው ሁሉን ይሸፍናሉ። መላላጫውና እግሩ ጅማትና ስብ ስላላቸው በተንተከተኩ ቁጥር ይለሰልሳሉ። ደረት ግን ቂመኛ ነው። ዶሮ ቀኑን ሙሉ በእግሯ ስትጭር ትውላለች እንጂ አትበርም፤ ውሻ አባሯት አጥር ላይ ፊጥ ካለች ትልቁ በረራዋ እሱ ነው። ስለዚህ የደረቷ ጡንቻ ነጭ፣ ስብ የለሽ፣ ለአፍታ መንፈራገጥ ብቻ የተሠራ ነው። ኦቭን ውስጥ አምስት ደቂቃ ካለፈበት ውሃውን ጨምቆ ያወጣና ክር ክር ይላል። ከዚያ በኋላ ምን ሶስ ቢያፈሱበት አይታረቅም።

በዚያ ላይ የዚህ አገር የሥጋ ዶሮ በስድስት በሰባት ሳምንት ዕድሜዋ ለገበያ የምትደርስ፣ ደረቷ እንዲገዝፍ ዘሯ ተመርጦ የተራባች ናት። አንዱ ክፋይ ብቻውን ሩብ ኪሎ ሲያልፍ አይቻለሁ። አንድ ወገኑ ወፍራም ሌላው ስስ በመሆኑ፣ ወፍራሙ ገና ጥሬ ሳለ ስሱ ደርቆ ይጠብቃል። መፍትሔው በፕላስቲክ ሸፍኖ ወፍራሙን ወገን በሊጥ መዳመጫ መደብደብ ነው። ድብደባው ውፍረቱን እኩል ያደርጋል፤ ከሥራ በተመለሱበት ማታ ከሆነ ደግሞ ከአለቃ ጋር ያለውን ሒሳብም በመጠኑ ያወራርዳል።

አንድ ምሽት አማቴ ወጥ ቤት ብቅ ያሉት በዚሁ ድብደባ መሐል ነው። ከአዲስ አበባ የልጅ ልጃቸውን ሊያዩ መጥተው ሰንብተዋል፤ እስከዚያ ምሽት ድረስ ግን ምግቡ ከየት እንደሚመጣ አልመረመሩም ነበር። በሰፈራቸው ሰርግም ሆነ ተዝካር ሲደገስ የወጡ ድስት ያለ እሳቸው ፈቃድ አይወርድም ይባላል። አማቻቸውን ሽርጥ አገልድሞ ሲያዩ መጀመሪያ ያዘኑት ለልጃቸው ነው፤ ሙያ ሳላስተምራት ቀረሁ ወይ ብለው። ቀጥሎ ያዘኑት ለዶሮዋ ነው።

«ልጄ፣ ምን አድርጋህ ነው?» አሉኝ መዳመጫውን እያዩ።

«ውፍረቷ እኩል እንዲሆን ነው፣ እማማ።»

«ታጥባለች?»

ይህችን ጥያቄ ስፈራት ነበር። እሳቸው ዘንድ ዶሮ ማጠብ ሥርዓት ነው። በሎሚና በጨው ይታሻል፣ ይለቀለቃል፣ እንደገና ይታሻል፤ ውሃው ኩልል ብሎ ካልወረደ አይላቀቅም። ዶሮዋን ግቢው ውስጥ አሳርዶ፣ በፈላ ውሃ ነክሮ ላባዋን ለሚነጭ ሰው ደግሞ ምን ይፈረድበታል? የአሜሪካ ግብርና ሚኒስቴር ግን ጥሬ ዶሮ አትጠቡ ባይ ነው። እ.ኤ.አ. በ2019 ይፋ ባደረገው ጥናት፣ ዶሮውን ካጠቡት ተሳታፊዎች 60 በመቶ በሚሆኑት ዘንድ የዕቃ ማጠቢያ ገንዳው ውስጥ ባክቴሪያ ተገኝቷል። ውሃው ሲፈናጠቅ ተዋሲያኑን ይዞ ጎን ወዳለው ሰላጣ ይሻገራል፤ የሚገድላቸው እሳት እንጂ ቧንቧ አይደለም። ይህን ለአማት እንዴት ብለው ይነግሩታል?

«እማማ፣ መንግሥት አይታጠብ ብሏል።»

«የትኛው መንግሥት?»

«የአሜሪካው።»

ትንሽ አሰቡበት። «እሱ ደግሞ መቼ ዶሮ ሠርቶ ያውቃል?»

ሽማግሌ ሆኖ የገባልን ጨው ነው። በአንድ ሊትር ቀዝቃዛ ውሃ ሦስት የሾርባ ማንኪያ ያህል ጨው አሟምቼ ደረቶቹን ለግማሽ ሰዓት እዘፈዝፋለሁ። ጨው የሥጋውን ፕሮቲን ስለሚያላላው እሳት ሲነካው ውሃውን ቶሎ አይለቅም፤ ደረትን ከድርቀት የሚያድነው ከሶሱ ይልቅ ይኸ ነው ብል አላጋነንኩም። የዚያን ዕለት ላዩ ላይ አንድ ሎሚ ከፍዬ ጣል አደረግሁበት። ሎሚው ለሥጋው ያደረገለት ነገር የለም፤ ጥቅሙ ዲፕሎማሲያዊ ነው። አማቴ ጎድጓዳውን ሳህን ጎንበስ ብለው አዩት። ጨው አለ፣ ሎሚ አለ፣ ዶሮዋም ውሃ ውስጥ ናት። ፊታቸው ፈታ አለ። እኔም ታጠበች አላልኩ፣ አልታጠበችም አላልኩ።

ከዚያ ወደ ሶሱ ተሻገርን። ነጭ ሽንኩርት ወቀጥኩ። ዝንጅብል ፈቀፈቅሁ። ሌላ ሎሚ ጨመቅሁ። የማሩን ጠርሙስ ከመደርደሪያ ሳወርድ አማቴ ከወንበራቸው ብድግ አሉ።

«ማነው የታመመው?»

በጥያቄያቸው አልፈርድም። ነጭ ሽንኩርት፣ ዝንጅብል፣ ሎሚና ማር አንድ ቦታ ተሰልፈው ያየ ኢትዮጵያዊ ሁሉ በሐሳቡ የሚመጣለት ጉንፋን ነው።

«ማንም አልታመመም፣ እማማ። ለዶሮዋ ነው።»

«እሷ ናት የታመመችው?»

ማር እሳቸው ዘንድ ቦታው የታወቀ ነው፤ ለጠጅ፣ ለብርዝ፣ ለመድኃኒት፣ ቢበዛ ለዳቦ። ከወጥ ጋር ዝምድና የለውም። ወጥ ስኳር ስኳር ካለ ባለቤቲቱ ትታማለች፤ ሆን ብሎ ማር ማፍሰስማ ከሐሜትም ያልፋል። ፈረንጅ በአንጻሩ ማርና ቃሪያን አንዴ ካጋባ ወዲህ ፒዛውም ላይ፣ ዶሮውም ላይ ያፈስሰዋል። ሚስቴ ፕሮቲን ትቆጥራለች፣ ልጄ ጣፋጭ ትፈልጋለች፣ እኔ ያለ በርበሬ አልጠግብም፤ ሦስታችንንም ሳያጣላ የሚያበላን ይኸ ሶስ ብቻ ስለሆነ ነው ቤታችን የቀረው።

በርበሬ ላይ ግን አማቴን የሚያህል የለም። ፈረንጅ የሶሱን ቅመም ሁሉ በጥሬው በጥብጦ ይቀባል። የእኛ በርበሬ ግን በሃያ ደቂቃ ኦቭን ጥሬነቱ አይለቀውም፤ ጉሮሮ ላይ ቁጭ ይላል። ማንኪያውን ከእጄ ወሰዱ። ሁለት የሾርባ ማንኪያ ቅቤ አቅልጠው ነጭ ሽንኩርቱንና ዝንጅብሉን ለቀቁበት፤ ከገዛ ሻንጣቸው የወጣውን በርበሬ ሁለት የሾርባ ማንኪያ ጨምረው፣ እንዳያርባቸው ውሃ ጠብ፣ ጠብ እያደረጉ አቁላሉት። ሽታው ሲለወጥ እኔ እንኳ አወቅሁት፤ አፍንጫ መቆንጠጡን ትቶ ቤቱን ሞላው። መጥበሻው ከእሳት ሲወርድ የሎሚውን ጭማቂና ትንሽ የቲማቲም ድልህ ጨመርኩ፤ ቀጥሎ አራት የሾርባ ማንኪያ ማር። ማሩን ሳፈስ አማቴ ፊታቸውን ወደ መስኮቱ አዞሩ።

ማርና በርበሬ አይተዋወቁም ለሚል ሰው ግን አንድ ነገር ልንገረው። እዚህ መጥበሻ ውስጥ እንግዳው ማነው? በርበሬ ጥንተ ዘሩ የአሜሪካ ምድር ነው፤ ኮሎምበስ በ1492 ከተሻገረ በኋላ ነው ወደ ሌላው ዓለም የተበተነው። ከዚያ በፊት የነበሩት ቅድመ አያቶቻችን ወጣቸውን በምን ያቀሉት እንደነበር እግዜር ይወቅ። የማር ንብ ደግሞ በተቃራኒው ለሰሜን አሜሪካ ባዕድ ናት፤ አውሮፓውያን በመርከብ ጭነው በ1622 ቨርጂንያ አራገፏት፣ ከእኛ ሜሪላንድ ወንዝ እንደተሻገሩ ማለት ነው። ዶሮዋም ብትሆን የዘር ሐረጓ ከደቡብ ምሥራቅ እስያ ጫካ ይመዘዛል። ስለዚህ በዚያ ምሽት ከሦስቱ አገሩ የገባው ከአማቴ ሻንጣ የወጣው በርበሬ ብቻ ነበር፤ አምስት መቶ ዓመት ዞሮ ዞሮ፣ ያውም ያለ ግሪን ካርድ።

የሚያስቀው ደግሞ ዶሮ ራሷ የበርበሬን ማቃጠል አለማወቋ ነው። በርበሬ ውስጥ ያለው ካፕሳይሲን የሰው ምላስ ላይ ሙቀት የሚያውቀውን ነርቭ እየነካ እሳት መጣ ያሰኘዋል፤ ዴቪድ ጁሊየስ ይህን ስሜት ተቀባይ ለይቶ በማውጣቱ በ2021 የኖቤል ሽልማት ተካፍሏል። የወፍ ዘር ተቀባይ ግን ለካፕሳይሲን ደንታ የለውም። ዶሮ በቁሟ የተሰጣ በርበሬ ብትለቅም ውሃ ውሃ አትልም። የሚያቃጥለን እኛን ነው፤ እኛው ደግሞ እንቀባታለን። ማሩ ቃጠሎውን ያበርደዋል፣ በደረቁ በርበሬ የምታለቅሰው ልጄም በዚህ ሶስ ጣቷን ትልሳለች።

ኦቭኑ 425 ፋራናይት ላይ ይሞቃል፣ በሴንቲግሬድ 220 ገደማ። ትሪው ላይ ፎይል ይነጠፋል፤ ፎይልን የናቀ ሰው የተቃጠለ ማር በሽቦ ሲፍቅ ያመሻል። ማር ቶሎ ነው የሚጠቁረው፣ ምክንያቱም ውስጡ የበዛው ፍሩክቶስ ከተራው ስኳር ባነሰ ሙቀት ያርራል። ስለዚህ ደረቶቹ ዘይት ብቻ ተቀብተው ይገባሉ፤ 12 ደቂቃ ያህል ከቆዩ በኋላ ሶሱ በብሩሽ ይቀባል፣ ትንሽ ቆይቶ ይደገማል። ሶሱ መጀመሪያ ወደ ጫፍ ጫፉ ይሸሽና፣ ሁለተኛው ሲቀባ ይወፍራል፣ አረፋ ያወጣል፣ ቀይ ሆኖ ያብለጨልጫል። በዚያ ሰዓት ከኦቭኑ ፊት ንቅንቅ ማለት የለም። ስልክም አይነሳም።

የሙቀት መለኪያውን አወጣሁና ወፍራሙ ቦታ ላይ ሰካሁ። አማቴ ከኋላዬ መጥተው ቆሙ።

«ትኩሳት አላት?»

«165 መድረስ አለባት፣ እማማ።» 165 ፋራናይት በሴንቲግሬድ 74 ነው፤ ተዋሲያን የማያመልጡበት ልክ። እኔ 160 ላይ አወጣታለሁ፣ ቀሪውን በራሷ ሙቀት ትጨርሰዋለች።

«በስመአብ! ይህን ያህል ትኩሳት ይዛ ምን ትተርፋለች?»

ትሪውን ምድጃው ላይ አስቀምጬ በሌላ ፎይል ለቀቅ አድርጌ ሸፈንኩት። ልጄ ቢላዋ ይዛ ስትጠጋ፣ «ቆይ፣ አምስት ደቂቃ ትረፍ» አልኳት፤ ወዲያው ከተቆረጠ ጭማቂው ትሪው ላይ ይቀራል። አማቴም ደገፉኝ። «አዎ ትረፍ፣ ደክሟታል።»

ስለ ማዕዱ ብዙ የሚወራ የለም። ሚስቴ ሩዝ አቀረበች፣ አማቴ እንጀራ አስቀረቡ። እንቁላሉ የት አለ ብለው ፈለጉ፣ አላገኙም። ደረቷን በጣታቸው ሲነኳት በቀላሉ ተላቀቀች፤ ጠቀለሉና የመጀመሪያውን ጉርሻ ለእኔ ሰጡኝ፣ ይህንንም እንደ ምሥክር ወረቀት ቆጥሬዋለሁ። «ማሩ በዝቷል» አሉ። ጥቂት ቆይተውም ትሪው ላይ የቀረውን ሶስ በእንጀራ ጠራርገው፣ ማሩ በርግጥ መብዛቱን አረጋገጡ።

በማግስቱ ጠዋት እህታቸው ከአዲስ አበባ ደወሉ። አማቴ ስልክ ላይ ሲሆኑ ሜሪላንድና ኢትዮጵያ መካከል ያለውን ርቀት በድምፃቸው ነው የሚሸፍኑት፤ ስለዚህ መኝታ ቤት ሆኜ አንድም ቃል አላመለጠኝም።

«ሁሉም ደህና ናቸው፣ ተመስገን። ዶሮ? ኧረ ፋሲካ እስኪመጣ መጠበቅ የለ! አማቼ ነው የሚሠራት፣ እውነቴን ነው። መጀመሪያ ይደበድባታል። ከዚያ ጨው ውስጥ ይዘፈዝፋታል። ዝንጅብልና ማር ይሰጣታል፣ ትኩሳቷን ይለካል፣ በመጨረሻ አልብሶ ያሳርፋታል።»

እህታቸው አንድ ነገር ጠየቁ።

«ኧረ የት ትድናለች! እንበላታለን እንጂ።»