ቆሮንቶስ በ45 ደቂቃ

ዘመናችን ካፈራቸው ጥበቦች ሁሉ የግማሽ ቀን ጉብኝትን የሚያህል አላየሁም። ድሮ ሰው ጥንታዊ ከተማ ለማየት ስንቅ ይቋጥር፣ መንገድ ይጠይቅ፣ ፀሐይ ይመታው ነበር። ጳውሳንያስ የሚባለው ጸሐፊ በ2ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የግሪክን ምድር ዞሮ ያየውን ቢጽፍ 10 መጻሕፍት ሞላ። ምስኪን! አንድ አውቶብስ፣ ጃንጥላ የያዘች አንዲት አስጎብኚና አንድ የመታሰቢያ ዕቃ ሱቅ ቢያገኝ ኖሮ እስከ ምሳ ጨርሶ በተመለሰ።

እኔ ይህን ጸጋ የቀመስኩት ዘግይቼ ነው። ከአክስቴ ጋር ስንጓዝ አቴንስ ላይ አንድ ቀን ተኩል የምንቆይበት አጋጣሚ ተፈጠረ። በሆቴላችን እንግዳ መቀበያ ላይ ከተደረደሩት ወረቀቶች አንዱ «ጥንታዊት ቆሮንቶስ፣ ግማሽ ቀን፣ ከአስጎብኚ ጋር» ይላል። አነበብኩላቸው። አክስቴ ጣታቸውን ፎቶው ላይ አሳርፈው፣

«ይቺ ጳውሎስ መልእክት የጻፈላት ናት?» አሉኝ።

«አዎ እትዬ፣ እሷው ናት።»

«ሰዎቿ ያስቸገሩት?»

«እነሱው ናቸው።»

ለአክስቴ ቆሮንቶስ ፍርስራሽ አይደለችም፣ የሚያውቋት ሰፈር ናት። ማን የጳውሎስ ወገን፣ ማን የአጵሎስ ወገን እንደነበረ፣ ማን ወንድሙን ፍርድ ቤት እንደጎተተ፣ በማዕዱ ላይ ማን ጠግቦ ማን እንደተራበ አብጠርጥረው ያውቃሉ። እንዲህ ዓይነት ሰው ለግማሽ ቀን ጉብኝት እንደማይመች ያን ጊዜውኑ መጠርጠር ነበረብኝ።

በማግስቱ ከጠዋቱ 2 ሰዓት ላይ አውቶብሱ መጣ። (ሰዓቱ የኛ ነው። ዓመቶቹን ግን በአውሮፓውያን አቆጣጠር ውሰዱልኝ።) መጣ ማለት ግን ሄደ ማለት አይደለም፤ በየሆቴሉ ደጃፍ እየቆመ ሰው ሲለቅም 40 ደቂቃ ሄደ። አንዳንድ ነገር ካልተሰላ ውበቱ አይታይምና ላስላው። ጉብኝቱ 5 ሰዓት ነው፣ 300 ደቂቃ። 40ው ሰው መልቀሚያ፣ 170ው ደርሶ መልስ መንገድ፣ 15ቱ የቆሮንቶስ ቦይ፣ 30ው ሱቅ። የተረፈው 45 ደቂቃ የጥንታዊት ቆሮንቶስ ድርሻ ነው። ከመቶ 15 እጅ ይሆናል፤ ከዐሥራት ይበልጣልና አማልክቷ ቅር ሊላቸው አይገባም።

ቦዩ ዘንድ ደረስን። የእውነት የሚያስደነግጥ ነገር ነው። ከ6 ኪሎ ሜትር በላይ ይረዝማል፣ ከታች ውኃው ዘንድ ግን ስፋቱ 25 ሜትር ገደማ ብቻ ነው፣ ግራና ቀኙ በቢላ የተቆረጠ የሚመስል ገደል። የጥንት ቆሮንቶሳውያን መሬቱን መቁረጥ ቢያቅታቸው መርከብን በየብስ የሚጎትቱበት የድንጋይ መንገድ አነጠፉ። ኔሮ ቄሣር በ67 በወርቅ መቆፈሪያ መሬቱን ቆርቁሮ አስጀመረው ይባላል፤ ከአይሁድ ጦርነት የተማረኩ 6,000 ሰዎችም ለቁፋሮው ተላኩለት። በዓመቱ ሞተና ሥራው ቀረ። መርከብ ያለፈበት በ1893 ነው። ይህ ሁሉ ዘመን የተለፋበት ቦይ ለኛ 15 ደቂቃ ተመደበለት። ከ15ቱ 11ዱን የመጸዳጃ ቤት ሰልፍ ወሰደው። በቀረችው 4 ደቂቃ ድልድዩ ላይ ወጣንና ሁላችንም ጀርባችንን ለቦዩ ሰጥተን ቆምን። ለተከበረ ነገር ጀርባ መስጠት በኛ አገር ነውር ነው፤ እዚያ ግን ፎቶ መነሣት ይባላል። መርከብ የሚጎተትበት የድንጋይ መንገድ የት እንዳለ ጠየቅሁ። እዚሁ ቅርብ ነው፣ ፕሮግራሙ ላይ ግን የለም ተባልኩ።

አስጎብኚያችንን አላማም። ፈቃድ ያላት፣ የተማረች ሴት ናት። አውቶብሱ ውስጥ ማይክሮፎን ስትይዝ ብዙ እንደምታውቅና ጥቂቱን ብቻ እንድትናገር እንደተፈቀደላት ያስታውቃል። ፕሉታርክ፣ እሱ ራሱ የዴልፊ ካህን የነበረው፣ የዛሬ 1,900 ዓመት ገደማ በጻፈው ላይ የዴልፊ አስጎብኚዎች «እባካችሁ አሳጥሩልን» እየተባሉ እንኳ የተዘጋጁበትን ሁሉ ሳይዘበዝቡ አይለቁም ብሎ ያማርራል። ሥልጣኔ ማለት ይህ ነው፤ ዛሬ «ጥቂት ልጨምር» ብላ የምትለምነው አስጎብኚዋ ናት፣ ከልካዩም ሾፌሩ።

ቢጫ ጃንጥላዋን ወደ ላይ አንሥታ ከፊት ቀደመች። እኛም እንደ ጫጩት ተከተልን። ከአፖሎ ቤተ መቅደስ ፊት 5 ደቂቃ ተሰጠን። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ6ኛው መቶ ክፍለ ዘመን ሲሠራ 38 ዓምዶች ነበሩት፣ ዛሬ 7 ቆመዋል። እያንዳንዱ ከአንድ ወጥ ድንጋይ የተፈለፈለ ነው። እጅን ድንጋዩ ላይ አድርጎ ዝም ማለት የሚያስመኝ ነገር ነበር፣ ግን መንካትም ዝም ማለትም አይፈቀድም። አጠገቤ የቆመው ሰውዬ ፎቶውን ለወዳጆቹ እየላከ «እውነተኛው የቆሮንቶስ ዓምድ!» ብሎ ጻፈ። የቆሮንቶስ ዓምድ የሚባለው አናቱ ላይ ቅጠል የተቀረጸበት ነው፤ እነዚህ ጌጥ የሌላቸው የዶሪክ ዓምዶች ናቸው። አስጎብኚዋ ይህን በደንብ አስረድታ ነበር፤ ሰውዬው ግን ያን ጊዜ ፎቶ እያነሣ ነበር።

ደግሞ «ጥንታዊ ግሪክ» ብለን ብንከፍልም ከቤተ መቅደሱ በቀር ያየነው አብዛኛው የሮማውያን ሥራ ነው። ከልደት በፊት በ146 ሙሚዩስ የተባለው የሮማ ጦር መሪ ከተማዋን ዘርፎ አጠፋት፤ በ44 ዩልዮስ ቄሣር እንደ አዲስ እስኪያቋቁማት ድረስ ከመቶ ዓመት በላይ ባድማ ሆና ቀረች። ስለ ሙሚዩስ አንድ የሚወራ ነገር አለ። የዘረፋቸውን የታላላቅ ጠቢባን ሥዕሎችና ሐውልቶች ወደ ሮማ ለሚያጓጉዙት ሰዎች፣ ቢጠፉባችሁ በአዲስ ትተካላችሁ ብሎ አስጠነቀቃቸው። ሮማውያን በድንቁርናው ሲስቁበት ኖረዋል። እኔ ግን ሱቁን ካየሁ በኋላ ሰውዬው ዘመኑን የቀደመ ነጋዴ እንደነበረ ገብቶኛል።

ከበላያችን የአክሮኮሪንት ተራራ አለ፣ 575 ሜትር። አስጎብኚዋ ወደዚያ በጃንጥላዋ ጠቆመችና የጥንቱ ጸሐፊ ስትራቦን የጻፈውን፣ የአፍሮዲት ቤተ መቅደስ ከ1,000 የሚበልጡ ሴት አዳሪዎች ነበሩት የሚባለውን ታሪክ ጀመረች። የዛሬ ታሪክ ዐዋቂዎች ይህን ወሬ ይጠራጠሩታል። ጉብኝቱ ግን ይወደዋል፤ 6 ደቂቃ ሙሉ ተሰጥቶታል፣ ከአፖሎ በአንድ ደቂቃ ይበልጣል።

«ምን አለች?» አሉኝ አክስቴ።

«ተራራው ከፍ ያለ ነው አለች እትዬ።»

«ይህን ለማለት ይህን ያህል?»

ከዚያ የፍርድ ወንበሩ ዘንድ ደረስን። የሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 18 ላይ ጳውሎስ ተከስሶ በአገረ ገዢው በጋልዮስ ፊት የቀረበበት ነው የሚባለው ሰፊ የድንጋይ መድረክ ነው። ለዚህ 7 ደቂቃ ተፈቀደ። አክስቴ ነጠላቸውን አስተካከሉ፣ ተሳለሙ፣ ከቦርሳቸው ትንሿን አዲስ ኪዳን አወጡ፣ መነጽራቸውን ጠረጉ፣ ከመድረኩ ግርጌ ጥላ ፈልገው ቁጭ አሉና የመጀመሪያዪቱን መልእክት ከምዕራፍ 1 ቁጥር 1 ጀመሩ። 16 ምዕራፍ ናት። ቢጫው ጃንጥላ ሲነሣ ሁለተኛው ምዕራፍ ላይ ነበሩ።

ልወቅሳቸው ይገባ ነበር። ጳውሎስ እዚህ ከተማ ከአቂላና ከጵርስቅላ ጋር ድንኳን እየሰፋ ዓመት ከስድስት ወር ተቀመጠ ይላል መጽሐፉ። የሠለጠነ ጎብኚ የሚመለከተው ግን ጳውሎስን ሳይሆን ጋልዮስን ነው። ጋልዮስ፣ የፈላስፋው ሴኔካ ወንድም፣ ጳውሎስ አፉን ሊከፍት ሲል ክሱን ዘግቶ ሰዎቹን ከፍርድ ወንበሩ ፊት አባረራቸው። ኋላም፣ ወንድሙ እንደጻፈው፣ ቆሮንቶስ ባለችበት በዚያው በአካይያ ግዛት ሳለ ትኩሳት ቢጀምረው በሽታው የሰውነቴ ሳይሆን የቦታው ነው ብሎ ወዲያው መርከብ ተሳፈረ። ሳይሰማ ፈረደ፣ ሳይቆይ ሄደ፣ ጥፋቱንም በቦታው ላይ ጣለ። የግማሽ ቀን ጉብኝት ታቦት ቢተከልለት ኖሮ በጋልዮስ ስም ይሆን ነበር።

አክስቴን ደግፌ ሳስነሣቸው ሁለት ጥያቄ አቀረቡ። አንደኛው ጳውሎስ የጠቀሰው የሥጋ ገበያ የት እንደነበረ ነው። እንደምንም ተረጎምኩት። አስጎብኚዋ «ገበያ» የሚለውን ብቻ ሰማችና «አሁን እየሄድን ነው» ብላ በፈገግታ መለሰች። ሁለተኛው ስለ ኤርስጦስ ነበር፣ ለሮሜ ሰዎች በተጻፈው መልእክት መጨረሻ ሰላምታ የሚያቀርበው የከተማው መጋቢ። በቲያትሩ አጠገብ ኤርስጦስ የሚባል ሹም በራሱ ወጪ ንጣፉን እንዳሠራ የሚናገር የላቲን ጽሑፍ በ1929 ተገኝቷል፤ ሰውዬው ያው ይሁን ሌላ ሊቃውንቱ እስከ ዛሬ ይከራከራሉ። ድንጋዩ ከአጥሩ ውጭ፣ በእግር ጥቂት ደቂቃ ነው። ፕሮግራሙ ላይ ግን የለም።

ሙዚየሙን ከደጁ አየነው። በ1990 ሌቦች ገብተው ከ250 በላይ ቅርሶች ወስደዋል፤ በ1999 አብዛኞቹ ማያሚ ውስጥ በዓሣ ሣጥኖች ተደብቀው ተገኙና ተመለሱ። ሌብነትን ማመስገኔ አይደለም፣ ግን እነዚያ ሰዎች ቢያንስ ውስጥ ገብተው ዕቃዎቹን አንድ በአንድ አይተዋል።

ሱቁ ዘንድ ስንደርስ የጊዜ ሕግ ተሻረ። አየሩ ቀዝቃዛ፣ ወንበሩ ለስላሳ፣ የብርቱካን ጭማቂው ነጻ ነው። ማንም «ቶሎ በሉ» አላለንም፣ ቢጫው ጃንጥላም ታጥፎ ጥግ ላይ ተደገፈ። አንድ ወጣት የሸክላ ማሰሮ እያዞረ ስለ ቀለሙ፣ ስለ እሳቱ፣ በማሰሮው ላይ ስለ ተሣለው ጀግና በፍቅር አስረዳን። ከጠዋት ጀምሮ እንዲህ ያለ ጥልቅ ትምህርት አልሰማሁም። ማሰሮው ሙዚየሙ ውስጥ ያለው አምሳያ ነው፣ ዋናውን አላየነውም እንጂ። ቢሰበርባችሁ ሌላ እንልክላችኋለን አለ። ሙሚዩስ ትዝ አለኝ። አክስቴ አንድ ማግኔት አንሥተው ዋጋውን ጠየቁና ቀስ ብለው መለሱት።

በመንገድ ላይ ሳስበው፣ የግማሽ ቀን ጉብኝት የኛን ለቅሶ መድረስ ነው የሚመስለው። የሩቅ ሰው ሲሞት እንሄዳለን፣ ጥግ ይዘን እንቀመጣለን፣ ንፍሮ እንዘግናለን፣ ከነጠላችን ሥር ሰዓታችንን ሰርቀን እናያለን፣ «እግዚአብሔር ያጽናችሁ» ብለን እንወጣለን። ሟቹን ማወቅ ግዴታ አይደለም፤ ዋናው መታየት ነው። ልዩነቱ ለቀስተኛ ሟቹ አጠገብ ቆሞ አለመሳቁ ነው። ግሪኮቹ ራሳቸው ግን እንዲህ ያለውን ጥበብ አያውቁም ነበር። ሆሜር ኢሊያድ ላይ እንደሚለው ዜውስ አማልክቱን ሁሉ አስከትሎ ወደ ኢትዮጵያውያን ግብዣ ሲሄድ የሚመለሰው በ12ኛው ቀን ነው። (ያ ኢትዮጵያ የኛው ይሁን አይሁን ለጊዜው እንተወው፤ እንግዳ አያያዙ ግን የኛው ነው።) የአማልክት ሁሉ አለቃ ሆኖ በግማሽ ቀን ደርሶ መመለስ አልቻለም።

አቴንስ ልንገባ ስንል ስንት ኮከብ እንደምንሰጥ የሚጠይቅ መልእክት ስልኬ ላይ ገባ። አምስቱንም ሰጠሁ። አስተያየት ከሚለው ሥር ደግሞ ለድርጅቱ ዕድገት የሚጠቅም አሳብ አሰፈርኩ። ሰባቱ ዓምዶች ተነቅለው አውራ ጎዳናው ዳር፣ ከሱቁ በር ግራና ቀኝ ቢተከሉ 45ቱ ደቂቃ ይተርፋል፤ አውቶብሱ ፍጥነቱን ትንሽ ቀነስ ካደረገ ፎቶው በመስኮት ይነሣል። የፍርድ ወንበሩ ቢነሣ ሱቁ ውስጥ ለገንዘብ መክፈያ ጠረጴዛ ይሆናል። ለአስተያየቴ ምስጋናና የ10 በመቶ ቅናሽ ወዲያው ደረሰኝ።

ከቀኑ 7 ሰዓት ላይ ሆቴላችን ደጃፍ ተራገፍን። ያተረፍነውን ግማሽ ቀን ምን እንደምናደርግበት ማንም አልነገረንም። ውጭው ይፋጃል። እኔ መቀበያው አዳራሽ ሶፋ ላይ ተጋድሜ ዓምድ የሌለበትን ፎቶዬን ዓምድ ካለበት ስለይ ዋልኩ። አክስቴ ፊት ለፊቴ ተቀምጠው ከንፈራቸውን እያንቀሳቀሱ ያነብባሉ። 11 ሰዓት ሊሆን ሲል መነጽራቸውን አወለቁ፣ መጽሐፏን ተሳልመው ቦርሳቸው ውስጥ ከተቱ።

«ጨረስኩት» አሉ።

«ምኑን እትዬ?»

«መልእክቱን ነዋ። ዐሥራ ስድስቱንም።»

ነጠላቸውን አጣፍተው ተነሡ፣ ያወለቁትን ጫማ በእግራቸው ፈልገው አጠለቁ።

«በል ተነሥ እንግዲህ፣ እንሂድ።»

«የት?»

«ቆሮንቶስ ነዋ!»