«በወር ስንት መጣ?»

ሜሪላንድ ወይም ቨርጂኒያ ውስጥ አንድ አበሻ ቤት ሊገዛ ነው ሲባል የሚጠየቀው ነገር የታወቀ ነው። የት አካባቢ? ስንት መኝታ አለው? በወር ስንት መጣ? እዚህ ላይ ጥያቄው ያበቃና ምርቃቱ ይጀመራል። «ተከፍሎ ሲያልቅ ጠቅላላው ስንት ይሆናል?» ብሎ የሚጠይቅ ቢገኝ ያ ሰው ሟርተኛ ነው፤ ወይም ምቀኛ ነው፤ ያም ካልሆነ ገና ኪራይ ቤት ነው ያለው።

እዚህ አገር ብዙ የቤት ምረቃ በልቻለሁ። ዶሮው፣ ድፎው፣ ከኮስኮ የመጣው የውሃ ካርቶን አይለወጥም። ቄሱ ጠበል እየረጩ ከምድር ቤት እስከ ላይ ይወጣሉ፤ እንግዳው ጫማውን በር ላይ አውልቆ ይከተላቸዋል። አባወራው ያስጎበኛል፦ «ይሄ ማስተር ቤድሩሙ ነው፣ ይሄ የልጆቹ ነው፣ ቤዝመንቱን እግዚአብሔር ከፈቀደ እናከራየዋለን።» ኩሽና ሲደረስ ሁሉም ሰው ግራናይቱን በመዳፉ ይዳብሳል። ለምን እንደሚዳበስ እስከ ዛሬ አልገባኝም፤ ገበያ ወጥቶ በሬ የሚገዛ ገበሬ እንኳ ያን ያህል አይዳብስም። ከዚያ አንዲት እናት እጃቸውን ዘርግተው «እንኳን ከኪራይ አወጣችሁ!» ይላሉ። «አሜን!» ይላል ቤቱ በሙሉ።

ከኪራይ መውጣታቸውስ እሰየው ነው። የገቡበትን ግን ማንም አያነሳም። ቤት መከራየት ትተው ገንዘብ መከራየት ጀመሩ እኮ። አከራዩ ተቀየረ እንጂ የወሩ መጀመሪያ እንደሆነ ያው ይመጣል።

አንድ ምረቃ ላይ ግን ነገሩን የሚያነሱ ሰው ተገኙ። ልጃቸውን ሊጠይቁ ከጎጃም የመጡ፣ ዕድሜ ልካቸውን ዕቁብ ሲጥሉ የኖሩ እናት ናቸው። ዕቁብ ማለት ያስገቡትን ያህል የሚያወጡበት፣ ጸሐፊው ቢሰርቅ ቤቱ የሚታወቅበት ጉዳይ ነው። እንግዲህ በዚያው ልማዳቸው ልጃቸውን ጠየቁት።

«ስንት ተበደርክ ልጄ?»

«400 ሺህ ዶላር ነው እማዬ።»

«ስንት ትመልሳለህ?»

«በወር 2 ሺህ 661።»

«በወር አላልኩህም። ስንት ትመልሳለህ ነው ያልኩህ።»

ልጁ ወደ ሚስቱ ዞረ። ሚስቱ ቤቱን ወዳገኘላቸው ደላላ፣ ወደ ሪልተሩ ዞረች። ሪልተሩ ክትፎ ሊጨምር ተነሳ። በመጨረሻ ጥግ ላይ ስልኩን ሲጎረጉር የነበረ ጎረምሳ በ360 ወር አባዝቶ ነገራቸው፦ 958 ሺህ ዶላር ከምናምን።

እናትየው ትንሽ ዝም አሉና «አራጣ በለኛ!» አሉ።

«አራጣ አይደለም እማዬ!» አለ ልጁ ቆጣ ብሎ። «ፊክስድ ነው!»

የጎረምሳው ሒሳብ ትክክል ነው። 400 ሺህ ዶላር በ7 በመቶ ወለድ ለ30 ዓመት የወሰደ ሰው፣ ዋናውን 400 ሺህ መልሶ በላዩ 558 ሺህ ወለድ ይከፍላል። 7 በመቶ ያልኩት ለማስፈራራት አይደለም፤ በጥቅምት 2023 እ.ኤ.አ. መጨረሻ የቤት ብድሮችን ከአበዳሪዎች የሚገዛው ፍሬዲ ማክ በየሳምንቱ የሚያወጣው የ30 ዓመት ብድር አማካይ ወለድ 7 ነጥብ 79 በመቶ ደርሶ ነበር። ከጠቅላላው ድምር ይልቅ የሚገርመው ደግሞ አከፋፈሉ ነው። በመጀመሪያው ወር ከሚከፈለው 2 ሺህ 661 ዶላር ውስጥ 2 ሺህ 333ቱ ወለድ ነው። ዕዳውን የሚቀንሰው ቀሪው 328 ዶላር ብቻ ነው። አምስት ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳያዛንፍ ከፍሎ፣ ወደ 160 ሺህ የሚጠጋ ዶላር ከኪሱ ወጥቶ፣ ዕዳው የቀነሰለት 23 ሺህ ተኩል ገደማ ነው። ከወርሃዊው ክፍያ ከግማሽ የሚበልጠው ለዋናው መሆን የሚጀምረው 20 ዓመት ካለፈ በኋላ ነው። ቤቱ የተገዛ ዕለት የተወለደ ሕፃን ያኔ ኮሌጅ ውስጥ ነው፤ የእሱ የትምህርት ብድር ደግሞ ሌላ ምረቃ ነው።

ይህ ሁሉ ተደብቆብን ቢሆን ኖሮ ባንኩን ረግመን በተገላገልን። ችግሩ አልተደበቀም። ከጥቅምት 2015 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አበዳሪው ከፊርማው ቢያንስ ሦስት የሥራ ቀን አስቀድሞ አምስት ገጽ ወረቀት ለተበዳሪው ማድረስ ግዴታው ነው። በአምስተኛው ገጽ ላይ፣ በሣጥን ውስጥ፣ ብድሩ እስኪያልቅ የሚከፈለው ጠቅላላ ገንዘብ ስንት እንደሆነ ቁልጭ ብሎ ተጽፏል። ወለዱ ከብድሩ ስንት እጅ እንደሚሆንም በመቶኛ ተቀምጧል፤ በእኛ ምሳሌ 139 ነጥብ 5 በመቶ ገደማ ነው። ሦስት ቀን የተሰጠው እንዲነበብ ነበር። እኛ ሦስቱን ቀን መጋረጃ ስንመርጥ እናሳልፋቸዋለን።

የፊርማው ዕለትም እንዲሁ ነው። ወረቀቱ እንደ ክምር ጠረጴዛው ላይ ይወጣል፤ «እዚህ ጋ ፈርም፣ እዚህ ጋ ኢኒሻል አድርግ» ይባላል፤ ባልና ሚስት እስክሪብቶ እየተቀባበሉ ይፈርማሉ። በዚያ ሁሉ መሀል ከገዢው ወገን የሚሰማው ብቸኛ ጥያቄ «ቁልፉን ዛሬ ነው የምንወስደው?» የሚል ነው። ይህ እኮ እንጀራ አንድ ዶላር ጨመረ ብሎ ሱቅ የቀየረ ሰው ነው!

የ30 ዓመት ብድር ከሰማይ የወረደ ሕግ አይደለም። ከ1930ዎቹ በፊት አሜሪካ ውስጥ የቤት ብድር በአብዛኛው በጥቂት ዓመታት የሚያልቅ፣ መጨረሻው ላይ ትልቅ ገንዘብ ተቆልሎ የሚጠብቅ ነበር። በ1934 እ.ኤ.አ. ለቤት ብድር ዋስ የሚሆነው የፌዴራል መሥሪያ ቤት ኤፍ ኤች ኤ ሲቋቋም እስከ 20 ዓመት ለሚከፈል ብድር ዋስ መሆን ጀመረ፤ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ደግሞ 30 ዓመት እየተለመደ መጣ። ዓላማው የወር ክፍያው እንዲያንስ ነው፤ አንሶም ብዙ ሰው ባለቤት አድርጓል፤ ይህን አልክድም። የኛ ሰው ግን 30 ዓመቱን የሚጀምረው መቼ ነው? ታክሲ ነድቶ፣ ወንድምና እህት አምጥቶ፣ አገር ቤት ላለው ሁሉ ልኮ፣ ሠርግ ደግሶ ካበቃ በኋላ ነው። በ48 ዓመቱ የፈረመ ሰው የመጨረሻዋን ክፍያ የሚከፍለው በ78ቱ ነው። እሱ ግን በ65 ጡረታ ወጥቼ አገሬ እገባለሁ ይላል።

ከሁሉ የሚያስቀኝ የሪፋይናንስ፣ የድሮውን ብድር በአዲስ ብድር የመተካት ደስታ ነው። ወለድ ወረደ የተባለ እንደሆነ ማኅበሩ፣ ዕድሩ፣ የቤተ ክርስቲያኑ ፓርኪንግ ሌላ ወሬ የለውም። ያው የ7 በመቶው ወዳጃችን አምስት ዓመት ከፍሎ 6 በመቶ አገኘ እንበል። የቀረው ዕዳ 376 ሺህ ተኩል ያህል ነው፤ እንደገና ለ30 ዓመት ይፈርማል። የወር ክፍያው 2 ሺህ 257 ይሆንለታል፤ በወር 404 ዶላር ወረደለት ማለት ነው። «ተገላገልኩ!» ብሎ ጓደኞቹን ጥብስ ይጋብዛል። እስኪ እንደምረው፦ እስካሁን የከፈለው 160 ሺህ ገደማ፣ ከእንግዲህ የሚከፍለው 812 ሺህ 700 ገደማ፣ በድምሩ ከ972 ሺህ በላይ። በድሮው ወለድ ዝም ብሎ ቢቀጥል ኖሮ 958 ሺህ ነበር። ወለዱ ወርዶለት 14 ሺህ ዶላር ጨመረ፤ ለአዲሱ ፊርማ ማስፈጸሚያ (ክሎዚንግ) የወጣውን ሳንቆጥር። የ78 ዓመቱ ቀነ ገደብም ወደ 83 ተሻገረ። በወር የተረፈችውን 404 ዶላር መልሶ ዋናው ላይ ቢጥላት ነገሩ ተገልብጦ እውነተኛ ትርፍ ይሆንለት ነበር። እሷ ግን የአዲስ መኪና ክፍያ ሆናለች። ሳይቸግር ጤፍ ብድር ማለት ይቺ ናት።

በ2021 እ.ኤ.አ. መጀመሪያ አማካዩ ወለድ ወደ 2 ነጥብ 65 በመቶ በወረደ ጊዜ ቀንቷቸው የገቡት ደግሞ ሌላ ዓለም ውስጥ ናቸው። እነሱ ዕድሜያቸውን ረስተው ወለዳቸውን የሚያስታውሱ ሰዎች ናቸው። «ስንት ነህ?» ሲባሉ «ሁለት ነጥብ ሰባት አምስት» ይላሉ። ልጅ ተጨምሮ፣ አማት መጥተው፣ ሳሎን ውስጥ ፍራሽ ተዘርግቶ እንኳ ከዚያ ቤት ንቅንቅ አይሉም። አልፈርድባቸውም፤ ሒሳባቸው ልክ ነው።

ፊክስድ ስለተባለው ነገርም ትንሽ ማለት አለብኝ። ፊክስድ የሆነው ወለዱ ነው፤ የወሩ ሂሳብ አይደለም። የንብረት ግብሩና ኢንሹራንሱ አብዛኛውን ጊዜ በዚያው ሂሳብ ውስጥ ተጠቅልለው ይከፈላሉ፤ ሜሪላንድ ቤቱን በየሦስት ዓመቱ እንደገና ትገምታለች። የቤቱ ግምት ወጣ ሲባል ባለቤቱ ሁለት ቀን ይኩራራል፤ በሦስተኛው ቀን የግብሩ ደብዳቤ ይደርሰዋል። ከ20 በመቶ በታች ቀድሞ የከፈለ ሰው ላይ የሚጫነው ሌላ ኢንሹራንስ ደግሞ አለ፤ የሚጠብቀው አበዳሪውን፣ የሚከፍለው ተበዳሪው። በ1998 እ.ኤ.አ. በወጣው ሕግ መሠረት ዕዳው ከመነሻው ዋጋ 80 በመቶ ሲደርስ ይነሳልኝ ብሎ መጠየቅ ይቻላል፤ ካልጠየቁ አበዳሪው እስከ 78 በመቶ ይጠብቃል። ደብዳቤ መጻፍ ስለታከተው ብቻ ለወራት የሚከፍል ሞልቷል። በኤፍ ኤች ኤ ገብቶ ከ10 በመቶ በታች ቀድሞ የከፈለውማ መጠየቅም አያድነው፤ ከሰኔ 2013 እ.ኤ.አ. ወዲህ የተወሰደ ብድር ከሆነ ኢንሹራንሱ ከብድሩ ጋር አብሮ ያረጃል።

ከዚያ የሽያጩ ጀብዱ ይመጣል። «በ421 ገዝቼ፣ አሥር ዓመት ኖሬበት፣ በ600 ሸጥኩት። 179 ሺህ ንጹሕ ትርፍ!» ይላል ባለታሪኩ፤ ጎረቤት ያሉት ኪራይተኞች ደግሞ በዝምታ ራሳቸውን ይወቅሳሉ። እንደ ምሳሌያችን 400 ሺውን በ7 በመቶ ተበድሮ ከሆነ፣ በአሥሩ ዓመት ውስጥ የከፈለው ወለድ ብቻ ከ262 ሺህ ይበልጣል። ግብሩን፣ የሪልተሩን ኮሚሽን፣ በአንድ ክረምት የተበላሸውን ማሞቂያ፣ የሰፈሩ ማኅበር ሣርህ ረዘመ ብሎ የጣለበትን ቅጣት አልደመርኩም። እርግጥ ነው፣ አሥር ዓመት ጣሪያ ሥር አድሮበታል፤ ሌላ ቦታ ቢያድር ኪራይ ይከፍል ነበር፤ ኪራዩም በየዓመቱ ይጨምርበት ነበር። ይህን አውጥቶ የሚያስብ ሰው «ሳይወደድብኝ ኖርኩ» ቢል እጁን እጨብጥለታለሁ። ንጹሕ ትርፍ የሚለው ግን ኪራዩን ሲጠላ ሳንቲሟን ሳይቀር የሚቆጥር፣ ወለዱን ሲወድ የማይቆጥር ሰው ነው።

ደግሞ ይህን ሁሉ ሲሰማ «ገንዘብ እየረከሰ ነው የሚሄደው፤ ከ25 ዓመት በኋላ 2 ሺህ 661 ዶላር ምን አላት?» የሚል ሊቅ በየግብዣው አንድ አይጠፋም። እውነቱን ነው። ቤት አትግዙ የሚል ሰው ደግሞ እኔ አይደለሁም። ነገር ግን ይህ ሊቅ ያቺ ነገ የምትረክሰው ዶላር ዛሬ ምን እየሠራችለት እንደሆነ ሲጠየቅ ወደ ፓርኪንጉ ይጠቁማል፤ መኪናዋ እዚያ ናት።

አንድ የማውቃቸው ባልና ሚስት ግን አሉ። እሱ ጋራዥ ነው የሚሠራው፣ እሷ ነርሲንግ ሆም። ብድራቸው ያው እንደ ምሳሌያችን ነው፤ ከመጀመሪያው ወር ጀምሮ ግን በ2 ሺህ 661ዱ ላይ 200 ዶላር ይጨምራሉ፤ ሲልኩም ገንዘቡ ለዋናው ዕዳ እንዲውል በግልጽ ይጽፋሉ። ካልጻፉ ለሚቀጥለው ወር ክፍያ ተብሎ ሊቀመጥ እንደሚችል ከአንዴም ሁለቴ ደውላ ያጣራችው እሷ ናት። በዚህ አያያዛቸው ብድሩ በ24 ዓመት ከሦስት ወር ገደማ ያልቃል፤ 126 ሺህ ዶላር የሚያህል ወለድም ይቀርላቸዋል። ይህን አንድ ቀን ማኅበር ላይ ብትናገር ያገኘችው ሙገሳ አልነበረም። ኩሽናቸው አሁንም የድሮው ፎርማይካ ስለሆነ እንደ ተቸገሩ ነው የተቆጠረው። አንዷማ አዝናላት «ታዲያ ያን ጊዜ ከሞርጌጅ ነፃ ስትወጡ ብሩን ምን ታደርጉታላችሁ?» አለቻት።

«ያኔማ» አለች እሷ ቡናዋን እየቀዳች፣ «ጣሪያው የሚቀየርበት ጊዜ ይደርሳል።»