ተሳፋሪው ብስክሌት

ሮም የሄደ ቱሪስት ብስክሌት ተከራይቶ፣ አስጎብኚ አስቀድሞ፣ በጥንቱ የአፒያ መንገድ ፍርስራሽ ሲያይ ይውላል። እኛስ ከማን እናንሳለን! ከሆሳዕና በቡታጅራ አድርጎ ወደ አዲስ አበባ ለሚያቀና፣ በ1980 እ.ኤ.አ. በዩኔስኮ የተመዘገበው የጢያ ትክል ድንጋይ፣ ጎራዴ እንደተቀረጸበት፣ ከመንገዱ ጥቂት ገባ ብሎ ቆሟል። መንገደኛው ግን ሚኒባስ ውስጥ እያንኮራፋ «ጎብኝቶት» ያልፋል።

በብስክሌት ልሂድ ያለ መጀመሪያ ከባጃጁ ተርፎ ከሆሳዕና ይውጣ። ወደ ዱራሜ ቢያዞር ደግሞ የአምበሪቾ ተራራ 777 ደረጃ ይጠብቀዋል፤ እዚያ ተሸካሚው ሰው፣ ተሳፋሪው ብስክሌት ነው። አስጎብኚው ሃምሳኛው ደረጃ ላይ «አይዞዎት፣ ደርሰናል!» ይላል። ሲጨርሱ ለብስክሌቱም የጎብኚ ሒሳብ ቢጠየቅ አይግረማችሁ፤ ተደላድሎ አገር ያየው እሱ ብቻ ነው።