ከአማተርነት በፊት ፕሮፌሽናል

ሌላው ቦክሰኛ መጀመሪያ አማተር ሆኖ ኋላ ወደ ፕሮፌሽናል ይሸጋገራል። እኔ ከፕሮፌሽናሉ ነው የጀመርኩት። አንድ ቡጢ ሳልሰነዝር የሪንግ ስም ነበረኝ። ጓንት ሳይኖረኝ ካባ ነበረኝ፤ የእናቴ ጋቢ ነው፤ ትከሻዬ ላይ ጣል አድርጌ ሻይ ቤት ስገባ ግን ካባ ይመስላል ብዬ አምን ነበር። ፉከራውማ አንድም አልጎደለውም። አያቶቻችንም ያቅራሩ ነበር፤ ልዩነታችን እነሱ አቅራርተው መዝመታቸው ነው።

ያደግሁት ጫንጮ ነው፤ እንጦጦን ተሻግሮ፣ ሱሉልታን አልፎ፣ በጎጃም መንገድ ከአዲስ አበባ 40 ኪሎ ሜትር ገደማ። አገሩ የሣርና የወተት አገር ነው። ወተቱን እኔም ከልጆች እኩል ጠጥቻለሁ፤ እነሱ ዘንድ ጡንቻ ሆነ፣ እኔ ዘንድ ቦርጭ። የቦክስ ፍቅር የያዘኝ በአንድ አሮጌ መጽሔት ምክንያት ነው። ካሲየስ ክሌይ የሚባል የሉዊቪል ልጅ በ12 ዓመቱ ብስክሌቱ ተሰረቀበት፤ ሌባውን እደበድበዋለሁ ብሎ ሲዝት የሰማው ፖሊስ ‹‹በመጀመሪያ መደባደብ ተማር›› ብሎ ወደ ቦክስ ወሰደው፤ ያ ልጅ ኋላ መሐመድ አሊ ሆነ ይላል። እኔም የሚሰረቅብኝን ነገር ስጠብቅ ከረምኩ። ችግሩ ብስክሌት አልነበረኝም።

ከዚያ የባሰውን ስህተት ያሠራኝ የቀን አቆጣጠር ነው። ክሌይ ሮም ላይ የኦሊምፒክ ወርቅ ያገኘው ነሐሴ 30 ቀን 1952 ዓ.ም. ነው፤ አበበ ቢቂላ እዚያው ሮም በባዶ እግሩ ማራቶንን ያሸነፈው ጳጉሜን 5። በቶኪዮ ጆ ፍሬዘር ሲያሸንፍ አበበ ደገመ፤ በሜክሲኮ ጆርጅ ፎርማን ሲያሸንፍ ማሞ ወልዴ ተካው። ሦስቱም ቦክሰኞች ኋላ የፕሮፌሽናሉ ዓለም የከባድ ሚዛን ሻምፒዮን ሆኑ። ይህን ለሻይ ቤት ጓደኞቼ ስተነትን ‹‹እና ምን ለማለት ነው?›› አሉኝ። ሩጫውና ቡጢው አብረው ነው የሚሄዱት፣ ቡጢው አሁን ወደ እኛ ሊዞር ነው፣ የሚዞረውም ወደ ጫንጮ ነው አልኳቸው። ሒሳቡን የከፈሉት እነሱ ናቸው።

ስሜን ‹‹ትንሹ ቲቦ›› ያልኩትም በዚያ ሰሞን ነው። ትልቁ ቲቦ ሰይፉ መኮንን ነው፤ በሙኒክ ኦሊምፒክ ኢትዮጵያን ወክሎ የተሰለፈ፣ ሽማግሌዎች ስሙን ሲሰሙ ዛሬም ቀና የሚሉለት። ‹‹ትንሹ›› የሚለውን የጨመርኩት ለትሕትና ነበር፤ ቀሪውን ስም ከእኔ በቀር የጠራኝ ሰው የለም።

ልምምዱ ላይ ሐቁን ልናገር። ጠዋት ጠዋት የሱሉልታ ሜዳ ላይ እሮጥ ነበር። ሱሉልታ ደግሞ የዓለም ሯጮች የሚዘጋጁበት ቦታ ነው፤ እኔ ‹‹ሩጫ›› የምለውን እነሱ ከልምምድ በኋላ ለማቀዝቀዝ ነው የሚሄዱት። ከደርባ ሲሚንቶ ጭኖ የሚመጣ የጭነት መኪና ሳይቀር ቀድሞኝ አቧራውን አልብሶኝ ያልፋል። ጆንያ በአሸዋ ሞልቼ ሰቅዬ ስደበድብ ግን ጀግና ነበርኩ፤ ጆንያ መልሶ አይመታም።

መልሶ የሚመታ ሰው ፊት ስቆም ጉዴ ወጣ። ቡጢ ሲመጣ ዓይኔን እጨፍናለሁ። አሰልጣኙ ግራ እጁን የሚያስቀድም ቀጭን ልጅ ፊቴ አቁሞ ትንሽ እንዳየ፦

‹‹አንተ፣ ዓይንህን ጨፍነህ ማንን ነው የምትመታው?››

‹‹ጋሼ፣ በልቤ እያየሁት ነው።››

‹‹እሱ ግን በዓይኑ ነው የሚያይህ።››

ይህን ተናግሮ ሳይጨርስ ልጁ አፍንጫዬን አገኘው።

እንደዚያም ሆኖ አዲስ አበባ ለአንድ የአማተሮች ውድድር ተመዘገብኩ። ሚዛን ላይ ስወጣ ከተመዘገብኩበት ኪሎ በለጥኩ፤ ወፍራም ጃኬት ደርቤ እንጦጦን እየወጣሁ እየወረድኩ ላቤን አንጠፈጠፍኩ፤ ኪሎው ሲወርድ ጉልበቴም አብሮ ወረደ። የአማተር ግጥሚያ 3 ዙር ነው፣ እያንዳንዱ 3 ደቂቃ። ሻይ ቤት ውስጥ 3 ደቂቃ ስኳር አማስሎ ለመጨረስ አይበቃም። ሪንግ ውስጥ ግን የሠራሁትን ኃጢአት ሁሉ ለማስታወስ ተርፎኛል። ባላጋራዬን ማቀፍ ጀመርኩ። ዳኛው ይለየናል፣ እኔ መልሼ አቅፈዋለሁ። በመጨረሻ ዳኛው ግጥሚያውን አቆመና የሌላኛውን እጅ አነሣ።

እናቴ ‹‹አሸነፍክ ልጄ?›› ስትለኝ ‹‹በነጥብ ተሸነፍኩ›› አልኳት። ውሸቱ እዚያ ቢቆም ደግ ነበር። ዓመት ሳይሞላው ‹‹ዳኛ በድሎኝ ነው›› ሆነ፤ ትንሽ ቆይቶ ‹‹እኔ የፕሮፌሽናል ቦክሰኛ ነኝ፣ 3 ዙር ያንሰኛል፣ እኔ የምሞቀው ከ6ኛው ዙር በኋላ ነው›› ማለት ጀመርኩ። እስቲ ይታያችሁ፤ የፕሮፌሽናል የዓለም ሻምፒዮና 12 ዙር ነው። ድሮ 15 ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1982 ደቡብ ኮሪያዊው ኪም ዱክ ኩ በ14ኛው ዙር ተመትቶ ወድቆ ከቀናት በኋላ ሲሞት ነው ወደ 12 መቀነስ የተጀመረው። ሁለተኛው ዙር ላይ ሰው ያቀፈ ሰው ነው እንግዲህ ይህን የሚመኘው። ዩክሬናዊው ቫሲል ሎማቼንኮ 2 የኦሊምፒክ ወርቅና 396 የአማተር ድል ይዞ ፕሮፌሽናል ሆኖ እንኳ በ2ኛው ግጥሚያው ተሸንፏል፤ የሻምፒዮንነት ቀበቶ ያገኘው በ3ኛው ነው። ክሌይም ቢሆን ከሮም መልስ የመጀመሪያ የፕሮፌሽናል ግጥሚያው 6 ዙር ብቻ ነበር፤ ወደዚያ የገባው መቶ ገደማ የአማተር ድል ይዞ ነው።

ከውሸቶቼ ሁሉ የማፍርበት ግን ‹‹አገሩ ነው የገደለኝ፣ በቡጢ የሚኖርበት መንገድ የለም›› የሚለው ነው። ነገሩ ራሱ ውሸት አይደለም። በፖሊስና በማረሚያ ቤት ክለቦች ውስጥ ዓመታት የደከሙ፣ በአማተሩ የሚያሸንፉ፣ ከዚያ በላይ ለመውጣት ግን አስተዋዋቂም ስፖንሰርም አጥተው የቀሩ ልጆች አሉ። ያ እሮሮ የእነሱ ነው፤ በደማቸው ገዝተውታል። እኔ ሰረቅሁት። ለካስ እንደ ክሌይ የሚሰረቅብኝን ስጠብቅ የኖርኩት ሌባው እኔ ሆኜ ነው።

ኢትዮጵያ እስካሁን በኦሊምፒክ ያገኘቻቸው ሜዳሊያዎች በሙሉ የሩጫ ናቸው፤ በቦክስ አንድም የለም። ለዚህ እኔ ተጠያቂ አይደለሁም፤ መፍትሔውም እኔ አልነበርኩም። ወደ ጎጃም ስትሄዱ ጫንጮ ላይ ሻይ ለመጠጣት ከወረዳችሁና ጋቢውን እንደ ካባ የጣለ ሰው ‹‹ዳኛ ነው የበደለኝ›› ብሎ ከጀመረላችሁ፣ ሻዩን ጋብዙት፣ ወሬውን ግን አትመኑት። ገንዘብ ከተረፋችሁ ለአንድ ለሚለማመድ ልጅ ጓንት ግዙለት።