ሐተታ ዘጽጌ በረሃ፦ የበረሃ ጽጌረዳን በነገሌ ቦረናና በደቡብ ቆላ ከተሞች ከዘር ስለማብቀል

ሊቃውንት ስለ ሰማይና ምድር፣ ስለ ሥጋና ነፍስ፣ ስለ ሥልጣንና ስለ ግብር ብዙ ብለዋል። ቢጫ ጀሪካን ለሁለት ተቆርጦ፣ ቂጡ በጋለ ምስማር ተበሳስቶ፣ ነገሌ ቦረና ውስጥ ከአጥር ሥር ሲቀመጥ በሆዱ ስለሚካሄደው ምሥጢር ግን የሚገባውን ያህል አልተባለም። ይህን ታላቅ ጉድለት ለመሙላት ይህ ጸሐፊ፣ ማንም ሳይለምነውና ማንም ሳይከፍለው፣ ብዕሩን አንሥቷል።

የሐተታችን ባለቤት የበረሃ ጽጌረዳ ነው። ከጽጌረዳ ጋር የሥጋ ዝምድና የለውም፤ ዘመዶቹ ቶብያውና ቀስት ሲመረዝበት የኖረው መረንዝ ናቸው፤ ቤተሰቡ እንግዲህ የተከበረ ሳይሆን የሚፈራ ነው። በጉጂና በቦረና ቆላ፣ ከግራሩና ከከርቤው ቁጥቋጦ መካከል፣ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ይገኛል። ግንዱ ከሥሩ አብጦ ውሃ ያጠራቅማል። በደረቁ ወራት ቅጠሉን አራግፎ ዕርቃኑን ይቆምና፣ ማንንም ሳያፍር፣ በባዶው ቅርንጫፍ ላይ ደማቅ ሮዝ አበባ ያወጣል። ለመንገደኛ ይህ ውበት ነው፤ ለሊቅ ግን ማብራሪያ የሚያሻው ጠባይ ነው።

የጥናቱ ታሪክ አሳዛኝ ነው። የዕፅዋት ሊቁ የሊኔዎስ ደቀ መዝሙር ፔተር ፎርስኮል በዴንማርክ ንጉሥ ገንዘብ ወደ የመን ወርዶ ይህን ተክል መዘገበና እ.ኤ.አ. በ1763 እዚያው በወባ ሞተ። ማስታወሻውን ከጉዞው በሕይወት የተመለሰው ብቸኛ ሰው፣ ካርስተን ኒቡር፣ በ1775 አሳተመለት። ወደኛዎቹ ወንዞች፣ ወደ ገናሌና ዳዋ፣ የዘለቀውን የጣሊያን ልዑል ሩስፖሊን ደግሞ በ1893 ዝሆን ገደለው፤ ዕፅዋት ሰብሳቢው ዶሜኒኮ ሪቫ ግን ተረፈ። ከዚህ የምንረዳው ዕፅዋትን ከገዛ ግቢ ሳይወጡ ማጥናት ለጤና እንደሚበጅ ነው።

አሁን ወደ ክርክሩ እንግባ። በዚህ ተክል ዙሪያ ሁለት ወገን አለ፤ ቆራጮችና ዘሪዎች። ቆራጮች «ቅርንጫፉን ቆርጦ መትከል እያለ ዘር ምን ያደርጋል?» ይላሉ። ቦሩ ሜዳ ላይ በ1870 ዓ.ም. ሊቃውንት ስለ ሃይማኖት ሊከራከሩ በተሰበሰቡ ጊዜ ይህ ጥያቄ ቢነሣ ኖሮ ጉባኤው ባልተበተነም ነበር፤ ሆኖም መልሱ ግልጽ ነው። ከቅርንጫፍ የተነሣው ይጸድቃል፣ ያብባልም፤ ያ ያበጠ እግር ግን በወጉ አይወጣለትም፤ ቀጭን እንደሆነ ዕድሜውን ይገፋል። ከዘር የበቀለው ግን ገና በሳምንታት ዕድሜው ታችኛው ክፍሉ ይነፋል። ሰው ይህን ተክል የሚያሳድገው ለዚያ እግር ነው። ስለዚህ ይህ ጸሐፊ ከዘሪዎች ወገን መሆኑን በይፋ ያውጃል፤ ቆራጮችን ግን አያወግዝም፤ ጎረቤቶቹ ናቸውና።

ዘሩ የሚገኘው ከፍሬው ነው፤ ፍሬውም ሁለት ሆኖ ከአንድ ቦታ ይነሣና እንደ ፍየል ቀንድ ግራና ቀኝ ይከፈታል። ሲደርስ በቁመቱ ይሰነጠቃል፤ ከዚያ በኋላ ያለው የነፋስ ነው። እያንዳንዱ ዘር ቡናማ፣ ቀጭን፣ ርዝመቱ 1 ሳንቲሜትር ገደማ ሲሆን በሁለቱም ጫፉ ሐር የመሰለ ነጭ ጸጉር አለው። ነፋስ ሲያገኘው እየተሽከረከረ ይሄዳል። አስተዋይ ሰው እንግዲህ ፍሬው ከመሰንጠቁ በፊት በክር ጠምጥሞ ያስረዋል። ያላሰረ ሰው የጎረቤቱን ግቢ ያለማል፤ ይህም ጽድቅ ነው፣ ግን ጀሪካኑ ባዶ ነው።

ዘሩ ሳይከርም፣ ለጥቂት ሰዓት ለብ ባለ ውሃ ተነክሮ፣ በጎኑ ተኝቶ ይዘራል፤ በላዩም አሸዋ በስሱ ይነሰነስበታል። ለምን በጎኑ ቢሉ፦ በጥልቅ የተቀበረ ይበሰብሳልና። አንድም፦ ሥሩ ከየትኛው ጫፍ እንደሚወጣ ዘሩ ከዘሪው ይልቅ ያውቃልና። አንድም፦ በነገሌ ቀትር ቆሞ የሚሠራ ፍጡር የለምና። የመጨረሻው ትርጓሜ የዚህ ጸሐፊ የራሱ ነው፤ ማንም ቢጠቅሰው አይከፋውም።

አፈሩን በተመለከተ፣ ያ የምንኮራበት የነገሌ ቀይ አፈር ብቻውን አይሆንም፤ ሲርስ ይጣበቃል፣ ሲደርቅ ይነቃል። የወንዝ አሸዋ፣ ጠጠር፣ የከሰል ድቃቂ፣ ከደረቀ የፍየል በጠጥ ጥቂት ይቀላቀልበት። ውሃ ከላይ ሲፈስስ ወዲያው ከታች መውጣት አለበት። ጀሪካን ይሻላል ወይስ ሸክላ ለሚለው ጥያቄ፣ ቀዳዳ ያለው ሁሉ ይሻላል።

ሙቀት ካለ ቡቃያው ከሦስት ቀን እስከ ሳምንት ባለው ጊዜ ይወጣል። ዶሎ ኦዶ ላይ፣ ገናሌና ዳዋ በሚገናኙበት ዝቅተኛ ቆላ፣ ሙቀት ለምኖ የሚያገኝ የለም፤ 1,500 ሜትር ገደማ ላይ ያለችው ነገሌ ግን ሌሊቷ ስለሚቀዘቅዝ ዘሪው የካቲት ማለቂያ ላይ፣ ገንና የሚባለው ዋናው ዝናብ ከመምጣቱ በፊት ባለው ሙቀት ቢዘራ ይመረጣል። መጀመሪያ አሸዋው ስንጥቅ ይላል። ቀጥሎ ጎበጥ ያለ አረንጓዴ አንገት ይወጣል፤ ማግስቱን ቀና ሲል ሁለት ወፋፍራም ቅጠሎች ይዘረጋል፤ በአንዱ ጫፍ ላይ የዘሩ ቅርፊት ከነጸጉሩ ተንጠልጥሎ ይቀራል። እዚህ ላይ ልጆች ቅርፊቱን ለመንቀል ይቋምጣሉ። ይከልከሉ፤ ራሱ ይጥለዋል።

አሁን ወደ ሐተታው እምብርት ደረስን፤ ወደ ውሃ።

በነገሌ ስለ ውሃ መናገር ቀልድ አይደለም። ጥር 4 ቀን 1966 ዓ.ም. በከተማው የሰፈረው ጦር የውሃ ፓምፑ ተበላሽቶበት፣ መኮንኖቹም ከራሳቸው ጉድጓድ እንዳይቀዳ ከልክለውት፣ አለቆቹን አሰረ። ጉዳዩን እንዲያጣሩ ከአዲስ አበባ የተላኩት ሌተና ጄኔራል ድረሴ ዱባለም ተይዘው ወታደሩ የሚበላውን እንዲበሉ፣ የሚጠጣውን እንዲጠጡ ተደረጉ። አመፁ ወደ ሌሎች ጦር ሰፈሮች ተዛመተ፤ መስከረም 2 ቀን 1967 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋናቸው ወረዱ። ውሃ አጥቶ መንግሥት እስከ መገልበጥ በደረሰ ከተማ ውስጥ፣ ውሃ በዝቶበት የሚሞት ነዋሪ ቢኖር ይህ ተክል ብቻ ነው።

አሟሟቱም እንዲህ ነው። የቤት እመቤት ሰሃን አጥባ ስትወጣ እጣቢውን ታፈስበታለች። ሠራተኛዋ የተረፈውን ትጨምርለታለች። የጋሪ ውሃ በጀሪካን ተገዝቶ የገባበት ቀን ደግሞ በዓል ነውና አባወራውም አንድ ኩባያ ያካፍለዋል። ከአጥሩ ማዶ ጎረቤት ብቅ ትልና «ኧረ ይኼ ልጅ ጠምቶታል እኮ ጋሼ!» ትላለች። ሁሉም ደግ ነው፤ ማንም ማንን አልጠየቀም። ከጥቂት ቀናት በኋላ ያበጠው እግር በአውራ ጣት ሲጫኑት ይሰረጉዳል፤ ቡናማ ውሃም ያወጣል። ቅጠሉ በዚህ ጊዜ ስለሚጠወልግ ቤተሰቡ በአንድ ድምፅ «ውሃ አንሶት ነው» ብሎ ይጨምርለታል። ነገሩ እዚህ ላይ ያበቃል።

መድኃኒቱን ለማግኘት ይህ ጸሐፊ ወደ ውጭ አገር መጽሐፍ አልሄደም። የቦረና ሕዝብ ቱላ በሚባሉት ዘጠኝ ጥልቅ የውሃ ጉድጓዶች (ኤላዎች) ላይ ከብቱን የሚያጠጣው እንደ መጣለት አይደለም። አባ ሄሬጋ የሚባል ተራ አስከባሪ አለ፤ የማን ከብት በየትኛው ቀን እንደሚጠጣ እርሱ ይቆጣጠራል። በበጋ ቀን እየዘለለ የሚጠጣ ከብት ብርቅ አይደለም። ስለዚህ በአንድ ግቢ ውስጥ ለአንድ ጀሪካን አንድ አባ ሄሬጋ ይሾም፤ ከእርሱ በቀር ማንም ኩባያ አያንሣ። ሹሙ የመጥረጊያ ስንጥር እስከ ታች አስገብቶ ያውጣ፤ አፈር ይዞ ከወጣ ይመለስ፣ ደርቆ ከወጣ ያጠጣ። እግሩንም ይጫን፤ ድንጋይ ከሆነ ጤነኛ ነው። ከሰኔ እስከ ነሐሴ፣ ሰማዩ ዳምኖ ሳይዘንብ በሚቀዘቅዝበት በአዶሌሳ፣ ሹሙ እረፍት ይውጣ።

በዚህ አኳኋን የተያዘ ተክል ከአንድ እስከ ሁለት ዓመት ባለው ጊዜ ያብባል። አበባው የእናቱን መልክ ላይይዝ ይችላል፤ ጥልቅ ሮዝ ተጠብቆ የነጣ ቢመጣ ዘር የሰጠው ሰው አይወቀስ። ፍሬ የሚፈልግ ከሌላ ዘር የበቀለ ሁለተኛ ተክል ያስፈልገዋል፤ አንዱ ተክል ራሱን በራሱ እምብዛም አያስረግዝም። የአበባው ብናኝ ጉሮሮው ውስጥ በሾጣጣ መጋረጃ ተሸፍኖ ስለሚገኝ፣ በእጅ ማዳቀል የፈለገ ሰው ቀጭን ብሩሽና የሰዓት ሠሪ ትዕግሥት ያሻዋል።

አንድ ነገር ያለ ቀልድ ይነገር። የዚህ ተክል ነጭ ወተት የልብን ምት የሚያዛባ መርዝ አለው፤ የታንዛኒያ ሃድዛ አዳኞች ቀስታቸውን የሚመርዙት በእርሱ ነው። ሕፃንና ግልገል አይድረስበት፤ የቆረጠው ሰው ዓይኑን ከማሸቱ በፊት እጁን በሳሙና ይታጠብ።

የቀረው የአዲስ አበባ ጉዳይ ነው። ከነገሌ በአውቶቡስ የወጣ ችግኝ ሁሉ ክረምት ላይ በስልክ ይመለሳል። ደዋይዋ ዘወትር አክስት ናት።

«ቅጠሉ ረገፈ እኮ። ምን ላድርግለት?»

«ከዝናብ አስገቢው፣ እትዬ። መስኮት ሥር አስቀምጪው።»

«አስገባሁት። ውሃስ?»

«አይጠጣ።»

«እሺ፣ ምን ልስጠው ታዲያ?»

«እስከ መስከረም ምንም።»

«ምንም?»

«ምንም፣ እትዬ።»

«ልጄ፣ ይኼማ እኔንም አያቅተኝም ነበር» ትላለች፤ ከበስተጀርባዋ የቧንቧ ውሃ ሲንዠቀዠቅ እየተሰማ።