ከክልል ውጭ

ቅዳሜ ማታ ባለቤቴ ከማድ ቤት ወጣ አለችና የሳሎኑ በር ላይ ቆማ አየችኝ። ኮምፒውተሩ ፊት ተሰይሜ፣ አሥር ጣቶቼን ኪቦርዱ ላይ ደርድሬ፣ እንደ ጀበና ቂጥ የጠቆረ ስክሪን ላይ አፍጥጫለሁ። ከስፒከሩ አንድ ስታዲየም ሙሉ ሕዝብ ያገሳል።

«ኳስ በሬዲዮ ጀመርክ?»

«ኧረ እየተጫወትኩ ነው።»

«ማን እየመራ ነው?»

እሱን ማን ባወቀ! ከሁለት ደቂቃ በፊት ጎል ገብቷል። ሕዝቡ ፈነዳ፤ ኮሜንታተሩ ማርቲን ታይለር ድምፁን ሰማይ ሰቀለው፤ አጠገቡ ያለው አለን ስሚዝም በዚያ በማይቸኩል አንደበቱ የሆነ ነገር አከለበት። ላግባው ይግባብኝ ግን የማውቅበት መንገድ አልነበረም። ዝም ከምላት ብዬ «አንድ ለዜሮ» አልኳት። ለማን እንደሆነ አልጠየቀችኝም። ጨዋ ሴት ናት።

ነገሩን ከሥሩ ልጀምር። እኔ በዚህ ሽበቴ ፊፋ 14 እጫወታለሁ። ዓለም ወዲያ ሄዷል፤ አምራቹ ኤሌክትሮኒክ አርትስ ከፊፋ ጋር የነበረውን ትዳር አፍርሶ፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ከ2023 ጀምሮ ጨዋታውን «ኢኤ ስፖርትስ ኤፍሲ» ይለዋል። እኔ ቤት ግን ሜሲ ዛሬም ባርሴሎና ነው፤ ራያን ጊግስም ጫማውን አልሰቀለም። ለትዝታ ብዬ ነው ብል ደስ ባለኝ፤ እውነቱ ግን የኮምፒውተሬ ዕድሜ ነው። ያን ዓመት «ኢግናይት» የተባለው አዲስ ሞተር የተሰጠው ለፕሌይስቴሽን 4 እና ለኤክስቦክስ ዋን ነበር። ለኮምፒውተር የወጣው ፊፋ 14 በአሮጌው ሞተር ቀረ። ሌላው ሰው ተናቅን ብሎ አኮረፈ፤ እኛ ደካማ ማሽን ያለን ግን «ተመስገን» አልን። በፊፋ 15 አዲሱ ሞተር ወደ ኮምፒውተርም ሲመጣ የእኔው ማሽን እዚያው 14 ላይ ጎጆውን ቀለሰ።

ጣጣውን ያመጣው የባለቤቴ ወንድም ነው። ከሦስት ዓመት በፊት «ለጊዜው እናንተ ጋ ይቀመጥልኝ» ብሎ ባለ 22 ኢንች ሞኒተሩን ትቶልን ነበር። ጌሙን የጫነልኝም ያስተካከለልኝም እሱ ነው። ባለፈው ሳምንት ኮንዶሚኒየሙን ተረክቦ ሲገባ ሞኒተሩን እንደ ሕፃን ታቅፎት ሄደ። እኔም አልጋ ሥር አቧራ ለብሶ የከረመውን ባለ 17 ኢንች አሮጌ ሞኒተር ጎትቼ አወጣሁ፤ ድሮ በየቢሮው የነበረው፣ ወደ ካሬ የሚጠጋው ዓይነት። ከጠረጴዛው ኋላ ተንበርክኬ ኬብሉን በዳበሳ ሰካሁት። ትንሽ እምቢ አለኝ፤ ገፋሁት፤ ገባ። ይህችን «ገፋሁት» ያዙልኝ።

ኮምፒውተሩ ራሱ በደህና በራ። ጌሙን ስከፍተው ግን ስክሪኑ ድርግም አለና አንዲት ትንሽ ሣጥን ብቅ አለች፤ «አውት ኦፍ ሬንጅ»። ከሥሯ 67.5 ኪሎ ኸርዝ፣ 60 ኸርዝ የሚል ተጽፏል። ሣጥኗ አንድ ቦታ አትቆምም፤ እንደ ዝንብ ከአንዱ ጥግ ወደ ሌላው ትበራለች። አምስተኛ ክፍል የሚማረውን ልጄን ጠርቼ ተርጉምልኝ አልኩት።

«‹ከክልል ውጭ› ማለት ነው አባዬ።»

«የትኛው ክልል?»

«እኔ እንጃ።»

«እኛ አዲስ አበባ ነን፤ ድሮስ መቼ ክልል ውስጥ ነበርንና?»

ልጄ አልሳቀም። ሰኞ የኅብረተሰብ ፈተና ነበረበት።

በኋላ እንደገባኝ የወንድምየው ሞኒተር ወደ ጎን 1920፣ ወደ ታች 1080 ነጥብ ይችላል። የእኔው አሮጌ የሚችለው 1280 በ1024 ነው። ጌሙ ደግሞ የለመደውን አይረሳም። ሞኒተሩ መቀየሩን የነገረው ስለሌለ ያንኑ ሰፊ ሥዕል ይልካል፤ አሮጌው «ከአቅሜ በላይ ነው» ብሎ ይመልሳል። ድምፁ ሞኒተር ስለማያስፈልገው ሳይጓደል ይደርሳል።

መፍትሔው ቀላል መሰለኝ፤ ጌሙ ውስጥ ገብቶ የስክሪኑን መጠን መቀነስ። ጌሙ ውስጥ ለመግባት ግን ስክሪኑ መታየት አለበት፤ ስክሪኑ እንዲታይ ጌሙ ውስጥ መግባት አለብኝ። ይህን ነገር የት እንደማውቀው ወዲያው ትዝ አለኝ። አንድ ጊዜ መታወቂያዬ ጠፍቶብኝ ምትክ ይሰጠኝ ብዬ አንድ ቢሮ ሄድኩ። መስኮቱ ጀርባ የተቀመጠችው ልጅ ቀና ሳትል «መታወቂያ» አለችኝ። «እሱ ጠፍቶብኝ እኮ ነው የመጣሁት» አልኳት። «እሱማ ገብቶኛል» አለች፤ «ግን የጠፋበት ሰው እርስዎ መሆንዎን በምን አውቃለሁ?» ትክክል ነበረች። እስከ ዛሬ መልስ አላገኘሁላትም።

በማግስቱ ዘዴ ፈጠርኩ። ጌሙን ዓመታት ስለተጫወትኩት ሜኑውን በቃሌ የማውቀው መሰለኝ። እንደ ቆሎ ተማሪ ዓይኔን ጨፍኜ ደገምኩት፤ ኢንተር፣ ኢንተር፣ ወደ ቀኝ ሁለቴ፣ ወደ ታች አንዴ፣ ኢንተር። (ዓይኔን ለምን እንደጨፈንኩ አላውቅም፤ ቢከፈትም ያው ነበር።) ቁልፍ በነካሁ ቁጥር ጥቅ ይላል። የሆነ ቦታ እየገባሁ መሆኔን ድምፁ ይነግረኛል፤ የት እንደሆነ ግን አይናገርም። ስምንተኛው ኢንተር ላይ ፊሽካ ተነፋ። ሴቲንግ ፍለጋ የወጣሁት ሰውዬ ግጥሚያ መሐል ተገኘሁ። ባለቤቴ የደረሰችብኝ እንግዲህ እዚህ ላይ ነው።

እውነት ለመናገር ጨዋታው አልከፋኝም። ልጅ ሳለን ኳስ የምንከታተለው በሬዲዮ አልነበር? ኳሱ የት እንዳለ የሚያውቀው ጋዜጠኛው ብቻ ነበር፤ እኛ ደግሞ ከሱ የተሻለ ይታየን ነበር። ልዩነቱ ያኔ እንድንጫወት አንጠየቅም ነበር።

ሰፈራችን ስልክ የሚጠግን፣ ፍላሽ ላይ ፊልምና ጌም የሚጭን አንድ ልጅ አለ። የእረፍት ሰዓት ላይ ደወልኩለት።

«ጋሼ፣ አሁን ምን ይታይዎታል?»

«ምንም።»

«በመጀመሪያ ጌሙን ይዝጉት።»

«በምኑ ልዝጋው? አይታየኝም እኮ!»

«አልት ይያዙና ኤፍ 4 ይጫኑ።»

ያ ሁሉ ሕዝብ ባንዴ ጸጥ አለ። ዴስክቶፑ ተመለሰ።

«በሉ አሁን፣ ጌሙን ሳይከፍቱት እናስተካክለዋለን።»

«ሳልከፍተው? ሴቲንጉ ያለው ውስጥ አይደል እንዴ?»

ከወዲያ ማዶ ትንሽ ዝምታ ሆነ። ሳቁን እየዋጠ መሰለኝ፤ አስተዳደጉ ጥሩ ነው።

«ጋሼ፣ እዚህ ጌም ላይ የስክሪኑ ሴቲንግ ድሮም ውስጥ የለም። ውጭ ነው ያለው።»

ሁለት ቀን ሙሉ በር ስደበድብ፣ የምፈልገው ዕቃ በረንዳው ላይ ተቀምጦ ኖሯል!

ዶኩመንትስ ግባ አለኝ፤ ገባሁ። «ፊፋ 14» የሚል ፎልደር፣ በውስጡ «ፊፋሴትአፕ» የሚባል የማርሽ ሥዕል ያለበት ፋይል። ሁለቴ ስነካው በኖትፓድ ተከፈተ። እኔ የጠበቅሁት ጠንቋይ ካልሆነ የማያነበው ጽሑፍ ነበር፤ ያገኘሁት ግን አሥር ያህል መስመር ያላት የአስቤዛ ዝርዝር የምትመስል ወረቀት ነው። በግራ ስም፣ መሐል የእኩል ምልክት፣ በቀኝ ቁጥር። ያ ሁሉ ሣር፣ ያ ሁሉ ሕዝብ፣ የሜሲ ግራ እግር ሳይቀር ይህችን ብጣሽ አንብቦ ነው ወደ ሜዳ የሚወጣው። ትንሽ ቅር አለኝ።

«‹ፉልስክሪን = 1› የሚል ይታይዎታል? 1 ማለት ስክሪኑን በሙሉ ልያዘው ነው። 0 ያድርጉት፤ በመስኮት ይሁን። ከዚያ ሪሶሉሽኑን 1024 በ768 ያድርጉና ሴቭ ይበሉት። በቃ።»

አልኩት። ጌሙን ከፈትኩ። በራ! እልልታዬን ጀምሬ ነበር፤ ግን መስኮቱ ረጅምና ቀጭን ነው። ሜዳው የመሥሪያ ቤት ኮሪደር መስሏል፤ ከወገቡ በታች ያለው ደግሞ ከስክሪኑ ግርጌ ተሻግሮ የት እንደገባ አይታወቅም። አሁን በእውነት ከክልል ውጭ ሆነ።

ጥፋቱ የአፌ ልማድ ነው። ሰው ሁሉ «1024 በ768» ሲል ጎኑን ያስቀድማል። ፋይሉ ግን በእንግሊዝኛ ፊደል ተራ ነው የሚሄደው፤ ሁለቱም መስመሮች «ሪሶሉሽን» ብለው ይጀምሩና አንዱ «ሃይት»፣ ሌላው «ዊድዝ» ብሎ ያበቃል፤ ስለዚህ ቁመት ጎንን ይቀድማል። እኔ ስሙን ሳላነብ ቁጥሩን በሰማሁት ቅደም ተከተል ሞላሁት። ይህን ለልጁ አልነገርኩትም። ዝም ብዬ ገለበጥኩትና «አመሰግናለሁ፣ አንደኛ ሆኗል» አልኩት። መስኮቱ ጠርዙ ላይ ትንሽ ቢተርፍም ሜዳው ሜዳ፣ ሰውም ሰው መሰለ።

እሑድ ከቅዳሴ መልስ ልጁን ቡና ጠራነው። አቦሉ እስኪወርድ ጠረጴዛው ኋላ ገባና ኬብሉን ነቅሎ ወደ መስኮቱ ብርሃን አዞረው። እኔም አብሬ አጎነበስኩ። ሦስት ረድፍ ቀጫጭን እግሮች፣ በየረድፉ አምስት አምስት፤ መሐለኛው ረድፍ ላይ አንዱ ቦታ ባዶ ነው።

«ይኸውልህ! አንዱ ተሰብሯል!» አልኩ በድል አድራጊነት።

«እሱ ዘጠነኛው ነው ጋሼ። ዘጠነኛው ብዙ ጊዜ ከፋብሪካም አይኖርም። የታመመው 12ኛው ነው፤ ይኸው ተጣሞ ተኝቷል።»

12ኛው እግር ለካ ሥዕል አያመላልስም፤ ወሬ ነው የሚያመላልሰው። ሞኒተሩ ማን እንደሆነና ምን ያህል እንደሚችል ለኮምፒውተሩ የሚነግርበት መስመር ነው። እሱ ሲጣመም ኮምፒውተሩ ማን እንደተሰካበት አያውቅም፤ ጌሙ 1920 ሲለው «ይችል ይሆናል» ብሎ ይሰደዋል። ልጁ የባለቤቴን ወረንጦ ተውሶ፣ ትንፋሹን ይዞ፣ እግሩን ቀስ አድርጎ አቀናው።

«ማን ነው እንዲህ አድርጎ የገፋው?» አለ።

«ወንድምየው ይሆናላ» አልኩ። ባለቤቴ ረከቦቱ ጀርባ ሆና ቀና ብላ አየችኝ፤ ቡናው ውስጥ ስኳር ጨመረችልኝ፤ ስኳር እንደማልወስድ ታውቃለች።

ቶናው ላይ ልጁ ሞቅ አለውና ስለ ሌሎች ጌሞችም ያስረዳኝ ጀመር። ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ ከሆነ የሴቲንጉ ፋይል በኖትፓድ የሚነበብ አይደለም፤ ዶኩመንትስ ውስጥ ካለው ፎልደሩ «ጂቲኤ ኤስኤ ነጥብ ሴት» የምትባለዋን ብቻ ማጥፋት ነው፤ ጌሙ የስክሪኑን ነገር ሁሉ ረስቶ እንደ አዲስ ይጀምራል፣ ሴቭ የተደረገው ጨዋታ ግን አይነካም። ካውንተር ስትራይክ 1.6 ደግሞ ፋይልም አይፈልግ፤ ሾርትካቱን በቀኝ ነክቶ፣ ፕሮፐርቲስ ገብቶ፣ «ታርጌት» የሚለው መስመር ጫፍ ላይ ክፍተት ትቶ ሰረዝና «ዊንዶው» የሚለውን ቃል በእንግሊዝኛ መጨመር ነው። ሙሽራው ሊገባ ሲል በር ላይ ጆሮው ውስጥ እንደ መንሾካሾክ ነው። እኔም ከማነስ ብዬ በዶስ ዘመን ጌም ከመከፈቱ በፊት «ሴትአፕ» የምትባል ፕሮግራም እንደነበረች፣ ዱም የተባለውን ጌም እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1993 የለቀቁት ሰዎች እንኳ ሳውንድ ካርዱን አስቀድመው በዚያ ያስመርጡ እንደነበር ነገርኩት። ልጁ እንደ ዘመነ መሳፍንት ታሪክ አንገቱን እየነቀነቀ አዳመጠኝ።

በረካው ላይ የባሰው መጣ።

«ለነገሩ ጋሼ፣ ፋይሉንም መንካት አያስፈልግም ነበር» አለና ጌሙ የተጫነበትን ፎልደር ከፈተ፤ ከዚያ ሌላ ፎልደር፤ ከዚያ «ፊፋኮንፊግ» የምትባል ትንሽ ፕሮግራም ነካ። መስኮት ተከፈተ። የስክሪን መጠን በዝርዝር ተደርድሯል፤ መምረጥ ብቻ ነው። የሚገለበጥ ቁጥር የለ፣ የሚጠፋ መስመር የለ።

«ታዲያ በስልክ ለምን ይህን አልነገርከኝም?»

«ፎልደሩን በስልክ ከማስፈለግ ፋይሉ ይቀላል ብዬ ነዋ። ቁመቱንና ጎኑን ያገላብጡታል ብዬ አላሰብኩም።»

እንዴት እንዳወቀ አልጠየቅኩትም። ልጄ ምንጣፉ ላይ ተቀምጦ ይስቃል።

12ኛው እግር ከተቃና ወዲህ ኮምፒውተሩ አሮጌውን ሞኒተር በስሙ ያውቀዋል፤ ጌሙን ወደ ሙሉ ስክሪን ብመልሰውም ችግር አልነበረውም። አልመለስኩትም። በመስኮት ሲሆን ከግርጌው ሰዓቱ ይታያል፤ ከጎኑ ደግሞ ለሰኞ የማቀርበውን ሪፖርት በኤክሴል ከፍቼ አኖራለሁ። ከሩቅ ላየኝ ሰው እየሠራሁ ነው የምመስለው።

ያን ዕለት ማታ ባለቤቴ በኋላዬ ስታልፍ ቆም አለች።

«ዛሬስ ማን እየመራ ነው?»

«ሦስት ለዜሮ» አልኳት።

ዝም ብላ አላለፈችም። ጠጋ ብላ ዓይኗን ጠበብ አደረገችና ስክሪኑን ትመለከት ጀመር።

«ለማን?»

አልት ይዤ ኤፍ 4 ተጫንኩ።